ኩኩሉ በካውንተር-ስትራይክ

የ2015 ዓ.ም ገናን ያሳለፍኩት ላሊበላ፣ አክስቴ ቤት ነው። የፕሪቶሪያው ስምምነት ከተፈረመ ሁለት ወር ብቻ ነበር ያለፈው። ከተማው እንግዳ ናፍቆ ስለነበር አልጋ አከራዩም፣ ጠላ ሻጯም፣ አስጎብኚውም ፊታቸው በርቶ ነበር። እኔ ግን፣ እውነቱን ልናገርና፣ የዋዜማውን ከሰዓት ያሳለፍኩት ቤተ ማርያም ሳይሆን የአክስቴ ልጅ ክፍል ውስጥ ነው። (አክስቴ ይህን ጽሑፍ እንደማታነበው ተስፋ አደርጋለሁ።)

ክፍሉ ውስጥ አምስት ልጆች፣ አራት አሮጌ ላፕቶፖችና አንድ ዳታ የሌለው ስልክ አሉ። ስልኩ ሆትስፖት ከፍቶ ላፕቶፖቹን ያገናኛል። ከላፕቶፖቹ አንዱ ሰርቨር ሆኗል። ጨዋታው ካውንተር-ስትራይክ 1.6 ነው፤ ከፍላሽ ወደ ፍላሽ እየተገለበጠ ላስታ የደረሰ። ለማታውቁት፦ ሁለት ቡድን አለ፣ አንዱ ቦምብ ያጠምዳል፣ ሌላው ያመክናል፣ መሐል ላይ ያለው ሁሉ መተኳኮስ ነው። አዲስ አበባ ታላቅ ወንድሜ ሲጫወት ከኋላው ቆሜ ስላደግኩ ጨዋታው አዲሴ አይደለም። «እስቲ እኔም ልግባ» አልኩ። ከመካከላቸው ትንሹን አስነስተው ቦታ ሰጡኝ። ዙሩ እንደጀመረ፣ እንደለመድኩት፣ መሣሪያ መግዣውን ከፍቼ ክላሽ ገዛሁና ፊት ለፊቴ ያገኘሁትን ልጅ ጣልኩት።

ክፍሉ በጩኸት ተናጋ።

«ኧረ ኩኩሉ ነው! ኩኩሉ ነው የምንጫወተው!»

ለማስረዳት እንኳ ጊዜ አልሰጡኝም፤ ከሰርቨሩ አባረሩኝ። ጥፋቴ ቆይቶ ነው የገባኝ። በእነሱ ጨዋታ አንዱ ቡድን ይደበቃል፣ መሣሪያ አይዝም። ሌላው ፈላጊ ነው፣ የሚይዘውም ጩቤ ብቻ ነው። ዙር ሲጀመር ፈላጊዎቹ ከስክሪናቸው ላይ ፊታቸውን አንስተው ወደ ግድግዳው ይዞራሉ። አዎ፣ እውነተኛው ግድግዳ። «ኩኩሉ!» ይላሉ፤ ተደባቂዎቹ «አልነጋም!» እያሉ ካርታው ውስጥ ይሮጣሉ፤ «ነጋ» ሲባል ፍለጋው ይጀመራል። ኮምፒውተሩ ስለዚህ ደንብ የሚያውቀው አንዳች ነገር የለም። ክላሽ ልግዛ ብትሉት ይሸጥላችኋል፣ እንደ ሸጠልኝ። ደንቡ ያለው በልጆቹ አፍ ላይ ብቻ ነው።

«ማነው ይህን ያወጣው?» ብዬ ጠየቅኩ። የአክስቴ ልጅ አልመለሰልኝም፤ በአገጩ ወደ ሳሎን አመለከተኝ።

ሳሎን ውስጥ አክስቴ የዶሮ ሽንኩርት እየከተፈች ነበር። በ2013 ክረምት የትግራይ ኃይሎች ላሊበላን ያዙ፤ በ2014 ኅዳርና ታኅሣሥ ደግሞ ከተማው ከእጅ ወደ እጅ ተቀያየረ። አክስቴ ያን ጊዜ ሁሉ እዚያው ቤቷ ነበረች። ከዚያ ወዲህ የተኩስ ድምፅ፣ ከላፕቶፕ ስፒከር እንኳ ቢሆን፣ በቤቷ እንዲሰማ አትፈቅድም። የጆሮ ማዳመጫ ለአምስት ልጅ አንድ ነው። ጨዋታውን ቢተዉ የሚሄዱበት የለም። ስለዚህ ጨዋታውን ትተው ከሚወጡ ተኩሱን ከጨዋታው አወጡት።

አዲስ አበባ ስመለስ ይህ ነገር ከአእምሮዬ አልወጣ አለኝ። ጋዜጠኝነት ስንማር «የአንድን ነገር ታሪክ ለማወቅ ባለቤቱን ጠይቁ» እንባል ነበር። የተኩስ ጨዋታዎችን ታሪክ ባለቤት ነን ባዮቹን ስትጠይቁ የኩባንያና የሽያጭ ታሪክ ይነግሯችኋል። ቆፈር ስታደርጉት ግን የሚወጣው የአክስቴ ልጅ ዓይነት ሰው ታሪክ ነው። (ከዚህ በኋላ ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ ካለዚያ እኔም እናንተም እንጠፋፋለን።)

ዱም የሚባለው ጨዋታ የወጣው በታኅሣሥ 1993 ነው። ኢድ ሶፍትዌር የተባለው አነስተኛ የአሜሪካ ኩባንያ ዋና ፕሮግራመር ጆን ካርማክ አንድ ነገር ወሰነ። የጨዋታውን ሞተር ለብቻ፣ ካርታውን፣ ሥዕሉንና ድምፁን ደግሞ ለብቻ በሌላ ፋይል አስቀመጠ። ሆን ብሎ ነው፤ ሰዎች የራሳቸውን እንዲከቱበት። ወራት ሳይሞሉ ኒውዚላንድ ያለ ብሬንደን ዋይበር የተባለ ሰው ከሌሎች ጋር ሆኖ ካርታ መሥሪያ ፕሮግራም ለቀቀ፤ ከዚያ ማንም ባለ ኮምፒውተር ትምህርት ቤቱን፣ ቢሮውን፣ የሰፈሩን መንገድ ዱም ውስጥ መሥራት ጀመረ።

ቀጣዩ ኩዌክ ነው፣ 1996። ይሄኛው ከካርታ አልፎ ደንቡን ራሱን ለመቀየር የሚያስችል የፕሮግራም ቋንቋ ይዞ መጣ። ልዩነቱ ትልቅ ነው፤ የመጫወቻ ሜዳን ማስዋብና የኳስን ሕግ መቀየር አንድ አይደሉም። በዚያው ዓመት ሦስት አውስትራሊያውያን ወጣቶች እያንዳንዱ ተጫዋች የተለያየ ሙያ የሚይዝበትን ቲም ፎርትረስን ሠሩ፤ ዴቭ ኪርሽ የተባለ ሌላ ሰው ደግሞ የጠላትን ባንዲራ ሰርቆ መመለስን ወደ ኩዌክ አመጣ። ከዚያ ወዲህ ባንዲራ መስረቅ ብዙ የተኩስ ጨዋታዎች ውስጥ ገብቷል።

ካውንተር-ስትራይክም ቢሆን ሲወለድ የማንም ኩባንያ ልጅ አልነበረም። ቫልቭ በ1998 መጨረሻ ሃፍ-ላይፍን አወጣ። ቬትናማዊ-ካናዳዊው ሚን ሊ ያን ጊዜ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነበር፤ ከአሜሪካዊው ጄስ ክሊፍ ጋር ሆኖ የሃፍ-ላይፍን ሆድ ዕቃ አውጥቶ በሰኔ 1999 አዲስ ጨዋታ ለቀቀ፤ በነጻ። ካርታዎቹን ብዙዎቹን የሠሩት ደግሞ ሌሎች ተጫዋቾች ናቸው። ቫልቭ በ2000 ገዛው፣ ሁለቱንም ቀጠራቸው። በየኢንተርኔት ካፌው የምናውቀው 1.6 የሚባለው ቅጂ በ2003 ወጣ። እንግዲህ የአክስቴ ልጅ የቀየረው ጨዋታ ራሱ የተቀየረ ጨዋታ ነው።

ከዚያ በኋላ የመጣው ጉድ ነው። ተጫዋቾች ሰርቨር ላይ የሚጨመሩ ትንንሽ ፕሮግራሞችን መጻፍ ቻሉ፤ ሰርቨሩ የተከራየው ወይም የከፈተው ሰው ቤት ሆነ፣ ቤቱ ደግሞ የራሱ ሕግ አለው። እስረኛና ጠባቂ የሚሆኑበት ቤት አለ። ወጥመድ የበዛበት መንገድ የሚሮጥበት ቤት አለ። ሰው በገደለ ቁጥር መሣሪያው እየተቀየረ የሚሄድበት ጋንጌም አለ። ከሁሉ የሚገርመኝ ሰርፍ ነው። በካውንተር-ስትራይክ ውስጥ በጣም ቀጥ ያለ ተዳፋት ላይ ብትዘሉ ከመውደቅ ይልቅ ትንሸራተታላችሁ፤ ይህ ማንም ያላሰበው ግድፈት ነበር። በ2004 ገደማ አንድ ተጫዋች ለዚህ ግድፈት ብቻ የሚሆን ካርታ ሠራ። ዛሬ ድረስ ሺህ ጊዜ ወድቀው ሺህ ጊዜ እየተነሱ በዚያ ተዳፋት ላይ የሚንሳፈፉ ሰዎች አሉ። አንዲት ጥይት አይተኩሱም። መደበቅና መፈለግም እንደ ራሱ ቤት ነበረው፤ ጋሪስ ሞድ በሚባለው ጨዋታ ውስጥ ደግሞ ተደባቂው ወንበር ወይም በርሜል መስሎ ጥግ ላይ የሚቆምበት ፕሮፕ ሃንት የሚባል መልኩ ታዋቂ ሆነ። ላሊበላ ያሉት ልጆች ይህን አንዱንም አላዩም። ኩኩሉን ያገኙት ከሰፈራቸው ነው።

ለእነሱ በጣም የሚቀርበው ግን የሄሎ 2 ታሪክ ነው። ጨዋታው በ2004 ወጣ፤ የሚጫወቱት ሰዎች የዞምቢ ጨዋታ ፈለጉ፤ ጨዋታው ግን ያን አያውቅም። ስለዚህ በቃል ተስማሙ። ዞምቢ የገደለው ሰው በራሱ እጅ ምናሌውን ከፍቶ ወደ ዞምቢዎቹ ቡድን ይዛወራል፤ ዞምቢ የሆነ ሰው በእጁ ከያዘው ሰይፍ ሌላ መሣሪያ አያነሳም። የሚያስገድድ ፕሮግራም የለም፤ ያለው ሐቀኝነት ነው። ያጭበረበረ ይባረራል። የጨዋታው ሠሪ ባንጂ በ2007 ሄሎ 3ን ሲያወጣ ይህንኑ ደንብ «ኢንፌክሽን» ብሎ ጨዋታው ውስጥ አስገባው። ከዚያ በኋላ ኮምፒውተሩ ራሱ ስለሚያዛውር ማንም ሐቀኛ መሆን አላስፈለገውም። ይህ እድገት ነው? እኔ እንጃ። ያን ዋዜማ ክፍሉን ያሞቀው ክላሽ መግዛት እየቻሉ አለመግዛታቸው ነበር ብዬ አስባለሁ።

ደግሞ ይህ ለእኛ አገር አዲስ አይደለም። ሰንጠረዥን እንውሰድ፦ ንጉሥ፣ ፈርዝ፣ ደር፣ ፊል፣ ፈረስ፣ መደቅ። መሠረቱ ከውጭ የመጣ ጨዋታ ነው፤ እኛ ግን ደንቡን ቀየርነው። በሌላው ዓለም አንዱ ሲንቀሳቀስ ሌላው ይጠብቃል። በኢትዮጵያ ሰንጠረዥ ግን መጀመሪያ «ወረራ» አለ፤ ሁለቱም ተራ ሳይጠባበቁ፣ እንደ እጃቸው ፍጥነት፣ ሠራዊታቸውን ያሰልፋሉ። የመጀመሪያው መበላላት ሲመጣ ነው ተራ የሚጀመረው። አጨራረሱም ደረጃ ነበረው። በደር ወይም በፈረስ ማሸነፍ እንደ ተራ ነገር ይታይ ነበር፤ በመደቅ ንጉሡን የያዘ ይጨበጨብለታል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ሔንሪ ሶልት ራስ ወልደ ሥላሴ ዘንድ ይህን ጨዋታ አይቷል፤ በኋላም የእንግሊዝ ቆንስል የነበረው ፕላውደን ደንቡን ጽፎ አቆይቶናል፤ መጽሐፉ ከሞተ በኋላ በ1868 ታተመ። ቦርዱ ያው 64 ቤት ነው። ሰርቨሩ ግን የኛ ነበር።

ገበጣም እንዲሁ ነው። ሪቻርድ ፓንክረስት በ1971 ባሳተሙት ጥናት ከኢትዮጵያና ከአፍሪካ ቀንድ የሰበሰቡት የገበጣ ዓይነት ከመቶ ይበልጣል። መቶ! መሠረቱ ጉድጓድና ጠጠር ነው፤ ደንቡ ግን ወንዝ በተሻገሩ ቁጥር ሌላ። ከሰው አገር የመጣ ሰው ገበጣ ልጫወት ካለ መጀመሪያ «እናንተ ጋ እንዴት ነው?» ብሎ መጠየቅ አለበት፤ እኔ ያልጠየቅኩትን ጥያቄ።

የገና ጨዋታን ደግሞ ላሊበላ ላይ ሆኖ መርሳት አይቻልም። ቆልማማ ዱላ፣ ሩር፣ ሜዳ። የተጫዋቹ ቁጥር የተወሰነ አይደለም፤ የመጣ ሁሉ በሁለት ይከፈላል፤ ከየት እስከ የት እንደሚጫወቱ እዚያው ይስማማሉ። ታሪኩ ላይ ሁሌ የሚነሳው ግን የዕለቱ ትልቁ ደንብ ነው፤ በዚያን ቀን ሎሌ ጌታውን በጨዋታ ቢያንኳኳው ጌታው አይቆጣም። አስቡት፤ ዓመቱን ሙሉ አንገት የሚያስደፋ ሥርዓት ለአንድ ከሰዓት በስምምነት ይጠፋል። ሲመሽ ይመለሳል፣ ያም እውነት ነው። በዚያ ላይ ሴቶች ዳር ቆመን እንድናይ ነበር የተፈቀደልን። ስለዚህ «የጥንቱ ሁሉ ጥሩ ነበር» ለማለት አይደለም ያነሳሁት። ደንብ አውጪ ሁሌም በር ላይ የሚያስቀረው ሰው አለው።

በር ካልኩ አይቀር፣ ስለ መግባት ልናገር። እነዚህ ተጫዋች ሠራሽ ቤቶች በመርህ ደረጃ ለሁሉ ክፍት ናቸው። የሰርቨሮች ዝርዝር ትከፍታላችሁ፣ ስም ትመርጣላችሁ፣ ትገባላችሁ። ችግሩ ከመግባታችሁ በፊት የቤቱን ዕቃ ማውረድ አለባችሁ፤ ካርታውን፣ ድምፁን፣ ሥዕሉን። ጀርመን ላለ ልጅ ይህ የግማሽ ደቂቃ ጉዳይ ነው። ወንድሜ በልጅነታችን ኢንተርኔት ካፌ ተቀምጦ የአንድ ካርታ መውረጃ መስመር ሲሞላ እያየ የከፈለውን ሰዓት ይጨርስ ነበር። ከገባም በኋላ ሰርቨሩ አውሮፓ ስለሆነ ያዘዘው ነገር ደርሶ እስኪመለስ ከመቶ ሚሊ ሴኮንድ በላይ ይፈጃል፤ በተኩስ ጨዋታ ይህ ማለት ጥግ ይዣለሁ ብላችሁ ስታስቡ ከሞታችሁ ቆይቷል። እንግሊዝኛ የማይችል ልጅ የቤቱን ሕግ አያነብም፣ ሳያውቅ ያጠፋል፣ ይባረራል። እኔ ላሊበላ ላይ አንዴ ስባረር ፊቴ ቀላ፤ እሱ በሳምንት ስንት ጊዜ ይባረር እንደነበር ያኔ ነው ያሰብኩት።

ለዚህ ይመስለኛል የእኛ አገር ተጫዋች የራሱን ቤት እዚያው ካፌው ውስጥ የሠራው። ካውንተር-ስትራይክ 1.6 ያለ ኢንተርኔት ይሠራል። አንዱ ኮምፒውተር ሰርቨር ይሆናል፣ ሌላው ኮንሶሉን ከፍቶ የሰርቨሩን ቁጥር ይጽፋል፣ አለቀ። በየሰፈሩ ፕሌይስቴሽን ቤትም ቢሆን «የተሸነፈ ይነሳል» የሚለውን ሕግ የጻፈው ሶኒ አይደለም።

አሁን ነገሩ እየተቀየረ ነው። ብሬንደን ግሪን የተባለ አየርላንዳዊ በ2013 አርማ ለተባለ ጨዋታ አንድ ሞድ ሠራ፤ ሐሳቡን ያገኘው ከጃፓን ፊልም ነው፤ ብዙ ሰው አንድ ሜዳ ላይ ይወርዳል፣ አንድ ሰው ብቻ ይተርፋል። በ2017 ይህ ሞድ ፐብጂ ሆነ፣ በ2018 ስልክ ላይ መጣ፣ ዛሬ ታክሲ ውስጥ አጠገባችሁ አንገቱን የደፋው ልጅ ምናልባት እሱን ነው የሚጫወተው። ጋንጌምም በ2012 ካውንተር-ስትራይክ ውስጥ በይፋ ገባ። ተጫዋች የፈጠረውን ኩባንያ ሲወስደው ብዙ ሰው ያገኘዋል፤ ይህን አልክድም። ግን ስልክ ላይ ያለው ጨዋታ ሰርቨሩ የኩባንያው ነው፤ ከዚያ ሰርቨር ጋር ካልተገናኘ አይከፈትም። ደንቡን ልቀይር ብትሉም የምትቀይሩት ኩባንያው በፈቀደው ልክ ነው። በ2023 መስከረም ቫልቭ ካውንተር-ስትራይክ 2ን በአሮጌው ምትክ ሲያመጣ ለዓመታት የተሠሩ ብዙ ካርታዎችና ሞዶች በአዲሱ አልሠሩም፤ ጋንጌም እንኳ የተመለሰው ከወራት በኋላ ነው።

ይህ የቅንጦት ጭቅጭቅ የሚመስለው ኔትወርክ ለማይቋረጥበት ሰው ነው። በነሐሴ 2023 በአማራ ክልል ውጊያ ሲነሳ የሞባይል ኢንተርኔት ተዘጋ፤ ላሊበላም እንደገና ተኩስ ሰማች። ከአክስቴ ልጅ ጋር የምንገናኝበት ቴሌግራም ዝም አለ። በክፍሉ ውስጥ ከነበሩት አምስቱ ልጆች ሁለቱ ከተማውን ለቀው መሄዳቸውን የሰማሁት ዘግይቼ ነው። ወዴት እንደሄዱ አክስቴን በስልክ አልጠየቅኳትም፤ በስልክ የሚጠየቅ ነገር አልነበረም።

በዚያ ሰሞን፣ መደበኛው መስመር በሠራበት አንድ ምሽት፣ ከአክስቴ ልጅ አጭር መልእክት ደረሰኝ። ደህና ነን፣ እናቴ ሰላም ብላሻለች፣ ሰዓት እላፊ ስለሆነ ቤት ነን ይላል። ከሥሩ፦ «አንድ ላፕቶፕ ባዶ ነው። ኩኩሉ ነው፣ ክላሽ እንዳትገዢ።» ቀጥሎ ቁጥር ጽፏል፦ 192.168.43.117፣ ወደብ 27015።

እንዲህ ዓይነት ቁጥር የሚሠራው በዚያ ስልክ ሆትስፖት ሥር ላለ ሰው ብቻ ነው፤ ከግቢው በር እንኳ አያልፍም። እሱም ይህን ከእኔ በላይ ያውቃል። ላፕቶፔን ከፈትኩ፣ ኮንሶሉ ላይ ቁጥሩን ጻፍኩት፣ «በመገናኘት ላይ» የሚለው ጽሑፍ ሲመላለስ ቁጭ ብዬ አየሁት።